በሕግ አምላክ በል፤ ፎርክሊፍትህንም አሠራ
ማሽን ገዝቶ በር ለተዘጋበት ወጣት ነጋዴ የተሰጠ ምክር

ልጄ፣ የነገርከኝን ነገር ደጋግሜ አሰብኩበት። መጋዘን ተከራይተህ፣ ከባንክ ተበድረህ ፎርክሊፍት ገዛህ። የመጀመሪያው ሲኖትራክ ገብቶ ሹፌሩ ሸራውን ሲፈታ የአካባቢው ጫኝና አውራጆች በሩ ላይ ቆሙ። «ወይ እኛ እናወርዳለን፣ ወይ ማሽኑ ላወረደው የእኛን ሒሳብ ትከፍላለህ» አሉህ። አንተም «በዚህ አገር ሕግ የለም ወይ?» ብለህ ጠየቅኸኝ።

ሕግማ አለ። የሚጠቅመው ግን አጠያየቁን ለሚያውቅና የራሱን እጅ ንጹሕ አድርጎ ለሚቀርብ ሰው ነው። እኔ ጠበቃ አይደለሁም፤ በእህልና በሲሚንቶ ንግድ ያረጀሁ ሰው ነኝ። በዕድሜዬ ያየሁትን፣ ያነበብኩትንና ከሕግ አዋቂዎች የተማርኩትን በቁጥር አስቀምጬልሃለሁ። በቅደም ተከተሉ ያዘው፤ የመጀመሪያውን ዘልለህ ወደ ሰባተኛው አትሂድ።

1. በርህ ላይ የቆመው ማን እንደሆነ ለይ።

ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ ይባላል። በሩን የዘጉብህ ሰዎች ከሦስት ወገን አንዱ ናቸው። አንደኛው ወገን አንተ በደመወዝ የቀጠርካቸው ሠራተኞች ናቸው። ከእነሱ ጋር ያለህን ግንኙነት የሚገዛው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው። የመደራጀት፣ በኅብረት የመደራደር፣ ሥርዓቱን ጠብቆም ሥራ የማቆም መብት አላቸው፤ ይህን መብት ሕገ መንግሥቱም በአንቀጽ 42 ያውቅላቸዋል።

ሁለተኛው ወገን በወረዳው ተደራጅተው፣ ፈቃድ አውጥተው፣ የመጫንና የማውረድ አገልግሎት የሚሸጡ ወጣቶች ናቸው። እነሱ የአንተ ሠራተኞች አይደሉም። የሠራተኛ ማኅበርና የጫኝና አውራጅ ማኅበር በስም ስለተመሳሰሉ አታምታታቸው። የመጀመሪያው ከአሠሪው ጋር ስለ ደመወዝና ስለ ሥራ ሁኔታ የሚደራደር ነው፤ ሁለተኛው ግን እንዳንተው አገልግሎቱን ለገበያ ያቀረበ ነጋዴ ነው። ሻጭ ደንበኛውን ያግባባል እንጂ አስገድዶ አይሸጥለትም።

ሦስተኛው ወገን ፈቃድም መዝገብም ሳይኖረው «ተራው የእኛ ነው» የሚል ስብስብ ነው። ከዚህ ወገን ጋር የሚኖርህ ጉዳይ በቀጥታ የወንጀል ጉዳይ ሊሆን ይችላል። ለሦስቱም አንድ ዓይነት መልስ የሰጠ ነጋዴ ወይ ሠራተኛውን ይበድላል፣ ወይ ወሮበላውን ያከብራል።

2. መብትህ የት እንደተጻፈ እወቅ።

«መብቴ ነው» ብሎ መጮህ ቀላል ነው፤ ፖሊስም ዳኛም የሚጠይቅህ ግን «የት ተጽፏል?» ብሎ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40 የንብረት መብትህን፣ በአንቀጽ 41 ደግሞ በአገሪቱ በማንኛውም ቦታ በኢኮኖሚ ሥራ የመሰማራት ነጻነትህን ያረጋግጣል። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 1678 ውል እንዲጸና ተዋዋዮቹ ፈቃዳቸውን መስጠት እንዳለባቸው ይናገራል። ስለዚህ ያልተስማማህበት የማውረድ ዋጋ ውል ሆኖ አያስርህም። ያው ሕግ በአንቀጽ 1149 በይዞታው ላይ ሁከት የተፈጠረበት ሰው ሁከቱ እንዲወገድለትና ካሳ እንዲከፈለው የመጠየቅ መብት ሰጥቶታል። የአንተ ጉዳይ ምሰሶ ይህ አንቀጽ ነው።

የከተማ አስተዳደሮች ስለ ጫኝና አውራጅ የየራሳቸውን መመሪያ ያወጣሉ። «መመሪያ አለን» ሲሉህ አትቆጣ፤ ቁጥሩን፣ የወጣበትን ቀንና ያወጣውን መሥሪያ ቤት ጠይቀህ ጻፍ። ከዚያ ወረዳው ሄደህ ቅጂውን አንብብ። መመሪያው ዋጋ ተምኖ ይሆናል፤ ዋጋ መተመን ሌላ ነው፣ አገልግሎቱን ያልፈለገን ሰው ማስገደድ ሌላ ነው። ብዙ ጊዜ በር ላይ የሚነገረው መመሪያና ወረቀቱ ላይ የተጻፈው አይገናኙም።

3. ላልተሠራ ሥራ አትክፈል።

ልጄ፣ ፈተናው እዚህ ላይ ነው። መኪናው በቆመ ቁጥር ኪሳራህ ይጨምራል፣ ሹፌሩ ይነጫነጫል፣ የቡድኑ አለቃ ደግሞ «ትንሽ ነገር ጣል አድርግና እንለቅሃለን» ይልሃል። ትንሽ መስሎህ ትሰጣለህ። በሚቀጥለው ሳምንት ያች ትንሽ ነገር ታሪፍ ትሆናለች።

በሕንድ ደቡብ ምዕራብ ጠረፍ ያለችው ኬራላ የሆነችውን ስማ። እ.ኤ.አ. በ1978 የጭነት ተሸካሚዎችን ሥራ የሚያስተዳድር፣ ለኑሯቸው ዋስትና የሚሰጥና ክርክራቸው የሚፈታበትን መንገድ የሚያበጅ ሕግ ወጣላቸው። ሕጉ በጎ ነበር። ነገር ግን በጊዜ ብዛት አንዳንድ የማኅበር ሰዎች ማሽን ሲያወርድ ዳር ቆመው እየተመለከቱ ክፍያ መጠየቅን ልማድ አደረጉት። በአገሩ ቋንቋ «ኖኩ ኩሊ» ይሉታል፤ የመመልከቻ ክፍያ ማለት ነው። ቤት የሚሠራ ድሃ ሳይቀር ከፈለው። የግዛቲቱ መንግሥት ልማዱን ከሜይ 1 ቀን 2018 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አስቀረሁ ብሎ ቢያውጅም ሥሩ በቀላሉ አልተነቀለም። በሴፕቴምበር 2021 እ.ኤ.አ. ለቪክራም ሳራባይ የጠፈር ምርምር ማዕከል ግዙፍ መሣሪያ የጫነ መኪና እንኳ ይኸው ጥያቄ ገጥሞት ነበር። ሰው በትከሻው ሊሸከመው የማይችለውን፣ በክሬን ብቻ የሚወርድን ዕቃ መሆኑ ነው። ከፍተኛው ፍርድ ቤትም ይህ ልማድ ከሥሩ መወገድ አለበት ሲል አጥብቆ ተናገረ። ከዚህ የምትማረው ሁሉም ለሰላም ሲል የከፈለው ክፍያ በኋላ ሕግም በቀላሉ የማይነቅለው ልማድ እንደሚሆን ነው።

የእኛ አባቶች «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ትቆጨኛለች» ያሉት ገንዘብ ቆጥረው አልነበረም። ያለ ፍርድ የሄደችው ጭብጦ ነገ ሌላ ጭብጦ ታስከትላለችና ነው።

ተገድደህ የከፈልክ እንደሆነ ግን ዝም ብለህ አትክፈል። ደረሰኝ ጠይቅ፤ ከከለከሉህ በባንክ ወይም በቴሌብር ላክ፣ ምክንያቱንም ጻፍበት፣ ምስክር አቁም። የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2164 የማይገባውን የከፈለ ሰው ገንዘቡን እንዲያስመልስ ይፈቅድለታል። ነገር ግን ዕዳ እንደሌለብህ እያወቅህ በፈቃድህ የሰጠኸውን መልሶ መጠየቅ ይከብድሃል። ስለዚህ የከፈልከው በዛቻ መሆኑ የዚያኑ ዕለት በጽሑፍ ይታወቅልህ።

4. ዱላ አታንሣ፣ ዱላ የሚያነሣም አታስመጣ።

በዱሮ ጊዜ ሁለት ሰዎች ሲጣሉ አንዱ «በሕግ አምላክ!» ካለ ሌላው ባለበት ይቆም ነበር። ዘበኛ ሳይኖር፣ ፖሊስ ሳይጠራ፣ ያች ቃል ብቻ ታቆመው ነበር። ያ ሥርዓት በአእምሮህ ይኑር። ጎረምሶች ሰብስበህ በሩን ብታስከፍት ለአንድ ቀን ታሸንፋለህ፤ በማግስቱ ግን ከሳሽ የነበርከው ሰው ተከሳሽ ትሆናለህ። ዳኛውም ከዚያ በኋላ የሚያየው የሁለት ቡድኖችን ጠብ ነው።

በተለይ ኦፕሬተርህን አስጠንቅቀው። ሰው ፊት ለፊት ቆሞ ሳለ ፎርክሊፍቱን ማንቀሳቀስ የለበትም፤ ለማስፈራራት ያህል እንኳ ቢሆን። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2081 መሠረት ማሽኑ ላደረሰው ጉዳት ባለቤቱ ኃላፊ ነው፤ ጥፋት ባይኖርብህም ኃላፊነቱ አይለቅህም። ሰው ከቆመ ሞተሩ ይጥፋ፣ ሹካው መሬት ይረፍ፣ ኦፕሬተሩ ይውረድ። ሰዓቱን ጻፍና ጠብቅ።

5. መኪናው ከመምጣቱ በፊት ወረቀትህ ይሙላ።

በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል። አንድ ፋይል ክፈት። የመጋዘኑ ካርታ ወይም የኪራይ ውል፣ የንግድ ፈቃድህ፣ የፎርክሊፍቱ የግዢ ሰነድና ኢንሹራንስ፣ የኦፕሬተሩ ፈቃድና የቅጥር ውል በውስጡ ይኑሩ። ከዕቃ ላኪው ወይም ከገዢው ጋር ስትዋዋል ማውረዱ የማን ግዴታ እንደሆነና በምን እንደሚወርድ በአንድ ዓረፍተ ነገር አስገባ። ብዙ ጠብ የሚነሣው ይህ ሳይጻፍ ቀርቶ ሹፌሩ ከቡድኑ አለቃ ጋር በራሱ ሥልጣን ሲዋዋል ነው።

ሌላ ደብተር ደግሞ ለክስተቶቹ ይኑርህ። ቀኑ፣ መኪናው የደረሰበትና የወረደበት ሰዓት፣ የታርጋው ቁጥር፣ የጭነቱ ዓይነትና መጠን፣ በር ላይ የቆሙት ሰዎች ስም፣ የተናገሩት ቃል፣ የጠየቁት ገንዘብ፣ አጠገብ የነበሩ ምስክሮች ይጻፉበት። የካሜራ ምስል ካለህ ሳይደመሰስ ገልብጠህ አስቀምጥ። ለመኪናው መቆሚያ የከፈልከውን፣ የተበላሸውን ዕቃ፣ የቀረብህን ርክክብ በደረሰኝ አያይዝ። ፍርድ ቤት «ብዙ ከሰርኩ» ለሚል ሰው ካሳ አይፈርድም፤ ስንት፣ መቼ፣ በማን ምክንያት የሚለውን ይጠይቃል።

6. ወደ ፖሊስ ቀድመህ ሂድ።

አብዛኛው ሰው ፖሊስ የሚጠራው ድንጋይ ከተወረወረ በኋላ ነው። አንተ የመጀመሪያው ዛቻ በተነገረ ዕለት ሂድ። አቤቱታህን በጽሑፍ አቅርብ፣ ቅጂው ላይ የተቀበሉበትን ቀንና ማኅተም አስደርግ፣ የመዝገቡን ቁጥር ያዝ። ትልቅ ጭነት የሚመጣበትን ቀን ካወቅህም አስቀድመህ በደብዳቤ አሳውቃቸው።

«ይህ ፍትሐ ብሔር ነው፣ ፍርድ ቤት ሂድ» ሊሉህ ይችላሉ። ስለ ዋጋና ስለ ውል ከሆነ እውነታቸውን ነው። ነገር ግን በዛቻ ወይም በጉልበት ሰውን ማስገደድ፣ አስፈራርቶም ገንዘብ መቀበል በወንጀል ሕጉ የተከለከለ ነው። ስለዚህ አቤቱታህን «ሥራ አስፈቱኝ» ብለህ አትጻፈው። «እገሌ የተባለው ሰው በዚህ ቀን በዚህ ሰዓት ይህን ያህል ካልከፈልክ መኪናው አይወርድም፣ ብታወርድ እንዲህ እናደርግሃለን አለኝ» ብለህ ጻፈው። የተነገረህን ቃል ሳትጨምር ሳትቀንስ አስፍረው። ያልተባለውን ከጨመርክ የተባለውም እምነት ያጣል።

7. ፍርድ ቤት ስትሄድ ጠባብና ግልጽ ጥያቄ ይዘህ ሂድ።

አሁን ጠበቃ ያዝ። ክሱ ብዙ ጊዜ «ሁከት ይወገድልኝ» የሚባለው ነው። ሁከቱ ከተፈጠረ በሁለት ዓመት ውስጥ ካላቀረብከው በይርጋ ይታገዳል፤ ነገሩን በሽምግልና እያስታመምክ ጊዜው እንዳያልፍብህ። ማኅበሩ የተመዘገበ ከሆነ ማኅበሩን በስሙ፣ በር የዘጉትን መሪዎችም በየስማቸው ክሰስ። «የሰፈሩ ወጣቶች» የሚባል ተከሳሽ የለም፤ መጥሪያ የሚደርሰው ስምና አድራሻ ላለው ሰው ነው።

ዋናው ክርክር ጊዜ ስለሚወስድ ከክሱ ጋር ጊዜያዊ የእግድ ትእዛዝ ጠይቅ። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከአንቀጽ 154 ጀምሮ ስለዚህ ይናገራል። ማመልከቻህ በቃለ መሐላ ይደገፍ። የሚበላሽ ዕቃ ካለህ፣ ዝናብ ላይ የቆመ ሲሚንቶ ወይም የሚነቅዝ እህል ካለህ፣ አደጋውን በማስረጃ አሳይ። ጥያቄህም ይወሰን፦ ተከሳሾቹ የመጋዘኑን በር እንዳይዘጉ፣ ማሽኑን እንዳያስቆሙ፣ ሹፌሩን እንዳያስፈራሩ። «ከአካባቢው ይባረሩልኝ» ብለህ አትጠይቅ። የቆሙበት መንገድ የሕዝብ ነው፣ ሥራ መጠየቅም ወንጀል አይደለም። የበዛ ጥያቄ ተገቢውንም ያስከለክላል። ትእዛዙ ሲሰጥህ ቅጂው በቀጥታ ለአካባቢው ፖሊስ እንዲጻፍ አመልክት፤ ፖሊሱ እጅ ያልገባ ትእዛዝ በርህን አይከፍትም።

በኬራላም ነጋዴዎቹ የተጠቀሙበት መንገድ ይህን ይመስላል። ፍርድ ቤቱ በተደጋጋሚ ፖሊስ ጥበቃ እንዲያደርግ አዝዟል። ሥራ ይገባን ነበር የሚሉት ተሸካሚዎች አቤቱታቸውን ሕጉ ላቋቋመው አካል ያቅርቡ እንጂ በር አይዝጉ የሚል ነው መንፈሱ። ይህ ሚዛን ለእኛም ይሠራል። ሰውየው ቅሬታ ካለው ቅሬታው የሚሰማበት ቢሮ አለ፤ ያ ቢሮ ግን የአንተ በር አይደለም።

8. የቆሙት የራስህ ሠራተኞች ከሆኑ ሌላ መጽሐፍ ክፈት።

እስካሁን የነገርኩህ ለውጭ ሰዎች ነው። ፎርክሊፍቱ ሥራ የሚያሳጣቸው በደመወዝህ የሚኖሩትን ጫኞች ከሆነ ጉዳይህ በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ይመራል። አዋጁ ምርታማነትን ለማሳደግ አዲስ ቴክኖሎጂ ማስገባትን ለሥራ ውል ማቋረጥ ምክንያት ሊሆኑ ከሚችሉት መካከል ቆጥሮታል። ማሽን መግዛትህ ጥፋት አይደለም ማለት ነው። ነገር ግን ከማሽኑ ጋር ግዴታም ይመጣል። ከማኅበራቸው ወይም ከተወካያቸው ጋር መመካከር አለብህ። ማን እንደሚቆይ የሚለየውም አንተ በወደድከው ሳይሆን በሙያ ችሎታና በምርታማነት ነው። በቅነሳ ምክንያት ለሚሰናበት የሁለት ወር ማስጠንቀቂያ ትሰጣለህ፣ የሥራ ስንብት ክፍያም ትከፍላለህ።

ሒሳቡን ላሳይህ። በወር 6,000 ብር የሚከፈለው፣ አራት ዓመት ያገለገለ ሠራተኛ አለህ እንበል። የቀን ደመወዙ 200 ብር ነው። ለመጀመሪያው ዓመት የ30 ቀን፣ 6,000 ብር። ለተከታዮቹ ሦስት ዓመታት በየዓመቱ የዚያ አንድ ሦስተኛ፣ በድምሩ 6,000 ብር። በቅነሳ ስለተሰናበተ ተጨማሪ የ60 ቀን፣ 12,000 ብር። ድምሩ 24,000 ብር ነው። ያልተጠቀመበት የዓመት እረፍት ካለውም ለብቻው ይታሰባል። ይህን ወጪ ከፎርክሊፍቱ ዋጋ ጋር ደምረህ ካላሰብክ ማሽኑን በግማሽ ዋጋ የገዛህ መስሎህ ራስህን አታለልክ።

ሥራ ካቆሙ ደግሞ አትደናገጥ፣ አትሳደብ። በሕግ የሚደረግ የሥራ ማቆም የአሥር ቀን ማስጠንቀቂያ ከነምክንያቱ ይጠይቃል፤ ኃይልና ዛቻም ሊታከልበት አይችልም። ሥርዓቱን ጠብቀው ካቆሙ ቦታህ የድርድር ጠረጴዛ ነው፣ ምስክርህም የሠራተኛ ጉዳይ ቢሮ። ሠላማዊ ሠራተኛ ላይ ፖሊስ የጠራ አሠሪ በኋላ እውነተኛ ሁከት ሲመጣበት የሚያምነው አያገኝም።

9. የሸክሙን ክብደት በገዛ ትከሻህ መዝነው።

አንድ ኩንታል ጤፍ መቶ ኪሎ ነው። በርህ ላይ የቆመው ጫኝ ይህን በጀርባው ይዞ በጠባብ ሳንቃ ላይ ይወጣል፣ ይወርዳል፣ ይደግመዋል። ዓለም አቀፉ የሥራ ድርጅት እ.ኤ.አ. በ1967 ባወጣው ምክረ ሐሳብ አንድ ጎልማሳ ወንድ አዘውትሮ የሚሸከመው ከ55 ኪሎ እንዳይበልጥ መክሯል። የእኛ ጫኝ የዚህን እጥፍ ሊደርስ ጥቂት የቀረው ሸክም ይሸከማል። ወገቡ ሲሰበር ጡረታ የለውም፤ የሚጠብቀው የቡድኑ መዋጮ ነው።

ይህን የምነግርህ እንድትራራና እንድትከፍል ብዬ አይደለም፤ ላልተሠራ ሥራ አትክፈል ያልኩህን አላነሣም። ነገር ግን በር የዘጋብህ ሰው ማሽንህን ሲያይ የሚያየው የልጆቹን እራት መሆኑን እወቅ። ማሽኑ ሸክሙን ከጀርባው ሲያነሣለት ደስ ሊለው በተገባ ነበር፤ ያላስደሰተው ሸክሙ ሲነሣ እንጀራውም አብሮ ስለተነሣ ነው። ይህን ያልተረዳ ነጋዴ ፍርዱን ቢያሸንፍም ሰፈሩን ያጣል።

10. የምትደራደረው ስለ ነገ ነው፤ በጽሑፍ ተደራደር።

ማሽን መምጣቱ አይቀርም። ማልኮም ማክሊን የተባለው አሜሪካዊ እ.ኤ.አ. ኤፕሪል 26 ቀን 1956 አይዲያል ኤክስ በተባለች መርከብ 58 ኮንቴነሮች ከኒውዋርክ ወደ ሂውስተን ሲልክ፣ በሰው ጉልበት ሲጫን ለአንድ ቶን ከ5 ዶላር በላይ ያስወጣ የነበረው ወደ 16 ሳንቲም ገደማ ወረደ። ይህን ልዩነት የሚያስቆም በር የለም። ዛሬ ከጅቡቲ እስከ ሞጆ ደረቅ ወደብ የሚጓዘው ዕቃችን በኮንቴነር የታሸገው በዚሁ ምክንያት ነው።

ነገር ግን ያን ለውጥ በጥበብ የተቀበሉም ነበሩ። በአሜሪካ ምዕራብ ጠረፍ ወደቦች በሃሪ ብሪጅስ ይመራ የነበረው የወደብ ሠራተኞች ማኅበር እ.ኤ.አ. በ1960 ከአሠሪዎች ጋር ስምምነት ፈረመ። ሠራተኞቹ ማሽኑን ላያግዱ ተስማሙ። አሠሪዎቹ በአምስት ዓመት ተኩል ውስጥ 29 ሚሊዮን ዶላር ለሠራተኞቹ ፈንድ ሊከፍሉ፣ ሙሉ ምዝገባ ያላቸውን ሠራተኞችም በማሽኑ ምክንያት ላያባርሩ፣ በዕድሜ የገፉትን በክብር በጡረታ ሊያሰናብቱ ቃል ገቡ። ስምምነቱ ሁሉን አልፈታም፤ እ.ኤ.አ. በ1971 እነዚሁ ወደቦች ረጅም የሥራ ማቆም አድማ አይተዋል። ቢሆንም ለውጡ ያለ ደም እንዲያልፍ መንገድ ከፍቷል።

አንተ በአቅምህ ልታደርገው የምትችለው አለ። ከቡድኑ ቀልጠፍ ያሉትን ወጣቶች መርጠህ በኦፕሬተርነት አሠልጥን። ማሽኑ የማይገባበትን ሥራ፣ ፓሌት ላይ መደርደሩን፣ የተቀደደ ማዳበሪያ መለወጡን፣ በችርቻሮ መጫኑን፣ ለእነሱ በቶን ዋጋ ስጣቸው። ከማኅበሩ ጋር ለአንድ ዓመት ተዋዋል፤ ምን በማሽን፣ ምን በሰው እንደሚሠራ፣ ዋጋው ስንት እንደሆነ፣ ክርክር ቢነሣ በር ሳይዘጋ በስንት ቀን በማን ፊት እንደሚታይ ይጻፍ። ሁለቱም ይፈርሙ፣ ምስክሮችም ይፈርሙ። ክፍያው ለማኅበሩ ሒሳብ በደረሰኝ ይግባ እንጂ በአለቃው ኪስ አይቅር። ዓመቱ ሲያልቅም እንደገና ተቀመጡበት።

ይህ ላልተሠራ ሥራ ከመክፈል በምን ይለያል ትለኝ ይሆናል። ይህ ለሚሠራ ሥራ፣ በፈቃድህ፣ በታወቀ ዋጋ የምትከፍለው ነው። ያኛው በሩ እንዲከፈት የሚሰጥ መማለጃ ነው።

11. ብቻህን አትቁም፣ በጓሮ በርም አትግባ።

በዙሪያህ ያሉ ባለ መጋዘኖች ያንኑ ችግር ያዩታል፤ እያንዳንዱ ግን በድብቅ እየከፈለ «እኔ ጋ ሰላም ነው» ይላል። ሰብስባቸው። በንግድ ምክር ቤትም ይሁን በራሳችሁ አንድ አቤቱታ ፈርማችሁ ለወረዳውና ለከተማው አቅርቡ። የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813/2006 በአንድ ገበያ የሚወዳደሩ ነጋዴዎች ተስማምተው ዋጋ እንዳይወስኑ፣ ደንበኛና አካባቢም እንዳይከፋፈሉ ይከለክላል። ፈቃድ ያላቸው የጫኝ ቡድኖች «ይህ ሰፈር የእናንተ፣ ያ ሰፈር የእኛ» ብለው ሲከፋፈሉ ጥያቄው በዚህ በኩልም ሊነሣ እንደሚችል ለጠበቃህ ንገረው።

ከሁሉ በላይ ግን አቋራጭ አትፈልግ። «የወረዳው ሰውዬ ይጨርስልሃል» የሚልህን ደላላ አትስማ። ዛሬ ለአንተ በገንዘብ በር ያስከፈተ ሹም ነገ ለተፎካካሪህ በገንዘብ በርህን ያዘጋል። ለበር ዘጊው የከለከልከውን ለባለሥልጣን ከሰጠህ ምኑን ሕግ ፈለግህ?

12. የሚቀጥለው ጭነት ከመምጣቱ በፊት ይህን አድርግ።

ፋይልህን አሟላ። የከተማህን መመሪያ ቅጂ አውጣ። ዛቻው በተነገረበት ቃል አቤቱታህን ጽፈህ ለፖሊስ አስገባ። ለማኅበሩ ደብዳቤ ጻፍ፤ ማሽንህን እንደምታሠራ፣ ላልተሠራ ሥራ እንደማትከፍል፣ ለሚሠራው ግን ለመዋዋል ዝግጁ እንደሆንክ በአንድ ገጽ ንገራቸው፤ መልስ የሚሰጡበትንም ቀን ቁረጥላቸው። ከተስማሙ ውሉን ፈርም። እምቢ ብለው በሩን ከዘጉ በማግስቱ ጠበቃህን ይዘህ ፍርድ ቤት ግባ፣ ያችንም ደብዳቤ ከክሱ ጋር አያይዛት። ለሰላም እጅህን ዘርግተህ እንደነበር ዳኛው በጽሑፍ ሲያይ ለሕጉ ጥበቃ የምታቀርበው ጥያቄ ሚዛን ይደፋል።